ከርቤ ስትገዙ፦ መልመል ወይስ ሀዲ?

ድሬዳዋ ቀፊራ ገበያ ገብታችሁ «ከርቤ አለ?» ስትሉ ጥሩ ሻጭ ወዲያው ሚዛን አታነሳም። «ለአፍ ነው ለጭስ?» ብላ ትጠይቃለች። እኛ በአማርኛ ከርቤ ብለን በአንድ ስም የምንጠራውን ሶማሌዎቹ ለሁለት ይከፍሉታል፤ መራራውን መልመል፣ ሽታው የሚጣፍጠውን ሀበክ ሀዲ ወይም ባጭሩ ሀዲ ይሉታል።

እኔ ልዩነቱን ያወቅሁት ተሳስቼ ገዝቼ ነው። እናቴ ድዷ አብጦ ከርቤ እንዳመጣላት ብትልከኝ፣ ሁለቱን አሽትቼ ሽታው ደስ ያለኝን፣ ዋጋውም ከፍ ያለውን መረጥሁ። እሷ ገና ወረቀቱን ስትፈታው አወቀችው፦ «ልጄ፣ ይሄማ የጭስ ነው። ለድድ የሚሆነው የሚመረው ነው።»

ሁለቱ ዛፎች ዘመዳሞች ናቸው፤ ከአንድ ወገን፣ ከኮሚፎራ። መልመል የሚገኘው ኮሚፎራ ሚራ ከሚባለው ነው፦ ቁመቱ አጠር ያለ፣ እሾሃም፣ ቅጠሉ ትንንሽ የሆነ የቆላ ዛፍ። ቅርፊቱ ሲሰነጠቅ ወይም ሲበጣ የሚፈሰው ፈዛዛ ቢጫ ፈሳሽ አየር ሲያገኘው ይደርቅና ቀላ ያለ ቡናማ ይሆናል። ሀዲ የሚመጣው ኮሚፎራ ጉይዶቲ ከሚባለው ነው። የሀዲ ምንጭ ይህ ዛፍ መሆኑ በሳይንስ የተረጋገጠው ቅርብ ጊዜ፣ እ.ኤ.አ. በ1991 ነው፤ የሶማሌ ሰብሳቢዎች ግን ዛፎቹን ለይተው የጠሯቸው ከዚያ አስቀድሞ ነው። ሁለቱም ከሶማሌ ክልል ቆላ ይሰበሰባሉ።

ለአፍና ለድድ

እዚህ ላይ ምርጫው አያከራክርም፤ መልመል ግዙ። ሙር የሚለው የዐረብኛ ስሙ ከእኛው «መረረ» ጋር አንድ ሥር ነው፤ ምሬቱ የማንነቱ ምልክት ነው። ጥቂት ወቅጣችሁ ለብ ባለ ውኃ ብትበጠብጡት ውኃው ይደፈርሳል፤ በዚያ ተጉመጥምጦ መትፋት ነው። በአልኮል የተዘጋጀ የከርቤ ቲንክቸር በአውሮፓ ፋርማሲዎች ለአፍ ቁስልና ለድድ መቆጣት ሲሸጥ ኖሯል። በማርቆስ ወንጌል 15፥23 በስቅለቱ ጊዜ ለጌታ የቀረበለት ወይን ከርቤ የተቀላቀለበት ነበር። የጣሊያን ተመራማሪዎችም እ.ኤ.አ. በ1996 በከርቤ ውስጥ ያሉ ሁለት ንጥረ ነገሮች በአይጦች ላይ ሕመም እንደሚያስታግሱ አሳይተዋል። እኔ ግን ከመጉመጥመጥ አልፌ ዋጡት አልልም። ነፍሰ ጡር ሴት ፈጽሞ አትዋጠው፤ ማህፀንን ሊያነሳሳ ይችላል። የደም ማቅጠኛ የሚወስድ ሰውም ሐኪሙን ሳይጠይቅ አይንካው። ጥርሱ የተቦረቦረ ሰው ደግሞ ከርቤ ቢያስታግስለትም ሐኪም ዘንድ ከመሄድ አያድነውም።

ለጭስ

ለቤትና ለቡና ሰዓት እኔ ሀዲን እመርጣለሁ። ጭሱ ለስላሳ፣ ጣፋጭ ነው፤ የአውሮፓ ሽቶ ሠሪዎችም «ኦፖፖናክስ» እያሉ የሚገዙት ሙጫ እሱ ነው። መልመል ፍም ላይ ሲያርፍ እንደ ዕጣን ቀልጦ አይፈስም፤ ውኃ የሚያሟሟው ሙጫ ስለሚበዛበት ያብጥና እየጠቆረ ይነዳል። ጭሱም ከባድ ነው። ብቻውን ለማይወድ ሰው አንድ እጅ መልመል ከሦስት እጅ ዕጣን ጋር እንዲያደርግ እመክራለሁ፤ እኛ ቤት ቅዳሜ ማታ የሚጨሰው ይኸው ነው። አስም ያለበት ሰው ካለ ግን የቱም ቢሆን መስኮት ተከፍቶ፣ ባይጨስ ደግሞ ይሻላል።

ለከብት መዥገር የምትፈልጉ ከሆነ ሁለቱንም ተዉ። ለዚያ የሚሆነው የቦረና አርብቶ አደሮች አገርሱ የሚሉት ሌላ የኮሚፎራ ሙጫ ነው።

ድፍን ወይስ ዱቄት?

ድፍኑን። በዚህ ላይ ማንም አያሳምነኝም። ዱቄት ውስጥ አሸዋም ቅርፊትም ርካሽ ሙጫም ሊገባ ይችላል፣ ዓይን አይለየውም፤ እኔ አንድ ጊዜ የገዛሁትን ዱቄት ውኃ ውስጥ ብጨምረው ከሥሩ አሸዋ ተቀምጦ አገኘሁ። ሳይጨመርበት እንኳ መዓዛውን የሚሸከመው ዘይት ከተፈጨ ሙጫ ቶሎ ይተናል።

ድፍኑን ስትመርጡ ላዩን አቧራ መሰል ነገር ቢሸፍነው አትሽሹት፤ የመልመል ጠባይ ነው። አንዱን ፍሬ ስበሩት። ስብራቱ ሰም መሰል፣ አንዳንዴም ነጣ ያለ መስመር ያለበት ይሆናል፤ ወዲያው ይሸታል። ከዚያ ትንሽ ቅንጣት ምላስ ላይ አድርጉ፤ ካልመረረ መልመል አይደለም። ውኃ ውስጥ ሙሉ በሙሉ ሟሙቶ የሚያልቅ፣ ሽታም የሌለው ከሆነ የግራር ሙጫ ሸጠውላችኋል ማለት ነው። በኩንታል የምትገዙ ነጋዴዎች ግን በምላስ አትመኑ፤ ላቦራቶሪ አስፈትሹ፤ የመልመል ሙጫ ናይትሪክ አሲድ ሲነካው ወደ ሐምራዊ ይቀየራል፣ ሀዲ ግን አይቀየርም።

ቤት ስትደርሱ ክዳኑ በሚገጥም ብርጭቆ ዕቃ አድርጋችሁ ቀዝቀዝ ያለ ቦታ አስቀምጡት። የድሬ ሙቀት በፌስታል የተቀመጠን ከርቤ አለስልሶ እርስ በርስ ያጣብቀዋል።

በጀታችሁ ለአንዱ ብቻ ከሆነና ቤታችሁ ልጅና ሽማግሌ ካለ፣ መጀመሪያ መልመሉን ግዙ። ሀዲው ለበዓል ይደርሳል።