የልጆቻችንን ጉዳይ በሽምግልና ስለ መጨረስ፦ ከድሬዳዋ አንድ ተገልጋይ

ከልጆቼ አባት ጋር በስምምነት ለመፋታት ከወሰንን በኋላ ያልተግባባነው ሁለቱ ልጆቻችን ከማን ጋር ይኑሩ በሚለው ላይ ብቻ ስለነበር፣ ከመካሰሳችን በፊት ከዚራ በሚባለው ሰፈር ውስጥ ወደሚገኝ አንድ የሽምግልና አገልግሎት ሄድን። በአራት ቀጠሮ ጨርሰናል፤ እንከኑንም ስለምጽፍ ስሙን አልጠቅስም።

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀጠሮዎች ባክነዋል። ሦስቱ ሽማግሌዎች የመጣንበትን ጉዳይ ትተው ትዳሩን ለመመለስ ደከሙ፤ «ለልጆቹ ስትይ ቻይው» የሚለው ቃል በቅንነት የተነገረ ቢሆንም፣ ቆርጣ ለመጣች ሴት ከባድ ነው። በሦስተኛው ቀን አንዲት እናት አብረው እንዲቀመጡ ጠየቅሁ፤ ተፈቀደልኝ። እኚህ እናት ያነሷቸው ጥያቄዎች ሁሉ የኑሮ ነበሩ፤ ልጆቹን ከትምህርት ቤት ማን ያመጣቸዋል፣ በዓልን ከየትኛው አያታቸው ቤት ይውላሉ፣ የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ በሚያድርበት ሌሊት ማዶ ያለው አባት ሊወስዳቸው ይገባልን? የ1998ቱን ጎርፍ ያየ ሰው ይህን ጥያቄ ቀላል አይለውም። ክርክራችን የረገበው ስለ መብት ማውራት ትተን ስለ ቀንና ሰዓት ማውራት ስንጀምር ነው።

ሽማግሌዎቹ ከመነሻው ሊነግሩን ሲገባ ያልነገሩን ነገር አለ። በድሬዳዋ የሚሠራበት የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ የፍቺ ስምምነት ለፍርድ ቤት ቀርቦ እንዲጸድቅ ያዛል፤ ፍርድ ቤቱም ስምምነቱ የልጆቹን ጥቅም በበቂ ሁኔታ የማይጠብቅ ሆኖ ካገኘው ሊያስተካክለው ይችላል። የእነርሱ ረቂቅ ግን ስለ ቀለብ «አባት እንደ አቅሙ ይረዳል» ብሎ ነበር የሚያልፈው። እንዲህ ያለ ቃል ለማስፈጸም አያመችምና፣ የገንዘቡ መጠንና የሚከፈልበት ቀን በግልጽ እንዲጻፍ አጥብቄ ጠየቅሁ፤ የልጆቼ አባትም አልተቃወመም።

ልጆቻቸውን ችሎት ፊት ለፊት ቆመው ሊከራከሩባቸው ለማይፈልጉ ወላጆች መንገዱን ከልቤ እመክራለሁ፤ በመካከላችን ድብደባ ወይም ማስፈራራት ቢኖር ኖሮ ግን አልሞክረውም ነበር።

የ11 ዓመቷን ልጄን ማንም አላነጋገራትም፤ እኔም ጭምር። ከተፈራረምን በኋላ ወደ አባቷ የምትሄደው ዓርብ ማታ ሳይሆን ቅዳሜ ጠዋት ቢሆን እንደምትመርጥ ነገረችኝ። ቀድመን ብንጠይቃት ኖሮ አንድ መስመር ብቻ ነበር የሚጨመረው።