አባቴን ከቤት ላወጡልኝ መምህር

ይህን ጽሁፍ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ትቼዋለሁ፤ ምስጋና ሲበዛ ሐሰት ይመስላል ብዬ። ትናንት ጠዋት ግን አባቴ ብቻውን ወጥቶ ዳቦ ገዝቶ መጣ። ዳቦው ትኩስ ነበር፤ መልሱንም በጣቱ ዳስሶ፣ ቆጥሮ ነው የተቀበለው። ስለዚህ ዛሬ ሳልጽፍ አላድርም።

አባቴ ዕድሜውን የፈጀው በጭነት መኪና ላይ ነው፤ ከአዲስ አበባ ደሴ፣ ከደሴም ወዲያ። ዓይኑን የወሰደበት ግላኮማ የሚባለው የዓይን በሽታ ነው። ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የእይታን ዳር ዳሩን ይበላል፤ ሕመም የለው፣ መቅላት የለው። አባቴ የበሩን መቃን በትከሻው ሲገጭ «ዛሬ ምን ነካኝ» ይል ነበር፤ እኛም እንስቅ ነበር። (ይህን የምታነቡ፣ ከቤተሰባችሁ ግላኮማ ያለበት ሰው ካለ እባካችሁ እናንተም ተመርመሩ። በዘር ሊተላለፍ ይችላል። የጠፋው ብርሃን አይመለስም፤ የቀረውን ግን በሕክምና ማቆየት ይቻላል። እኔና ወንድሜ ተመርምረናል።)

ከዚያ በኋላ የዞርንባቸውን ቦታዎች ስም አልጠራም። አንዱ ዘንድ ባለሙያው ከወረቀቱ ቀና ሳይል «አልቋል» አለ። የነገረው ለአባቴ አይደለም፤ አባቴ አጠገቤ ተቀምጦ ለእኔ ነው የነገረኝ። የጠፋው ዓይኑ እንጂ ጆሮው ምን ሆነ? ሌላው ዘንድ ደግሞ «በስድስት ወር ያያል» ተባልን። የወንድሜ ቁጠባ በጠርሙስ በጠርሙስ ተቀድቶ አለቀ፤ በሰባተኛው ወር ስልካችንን ማንሳት ተዉ። ነጭ በትር የሸጠልን ሰው ደግሞ አለ። በትሩን አቀበለንና «መሬቱን እየነካካ ይሂድ» አለ። ትምህርቱ ይኸው ነው። በትሩ ከበሩ ጀርባ አሥራ አንድ ወር ቆመ። አባቴም ጋቢውን ተከናንቦ አልጋው ጫፍ ላይ አሥራ አንድ ወር ተቀመጠ።

ዓይነ ስውራን በድምፅና በጥላ መንገድ እንዲለዩ የሚያስተምሩትን መምህር የጠቆመችን የእናቴ የዕድር ጓደኛ ናት። እርሳቸውም ማየት የተሳናቸው ናቸው፤ ሰበታ በሚገኘው የዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት የተማሩ። ያለ መሪ፣ ብቻቸውን መጡ። ግቢያችን ሲገቡ ቆም ብለው ምላሳቸውን ሁለት ጊዜ ጠቅ አደረጉ፤ ማሚቶውን ሰምተውም «ከፊቴ ቤቱ አለ፤ በስተቀኝ ያለው የቆርቆሮ አጥር ነው?» አሉ። እናቴ አማተበች።

አባቴ ግን ከክፍሉ አልወጣም። «ልጄ፣ አትድከም፤ ሂድ» አላቸው በመስኮቱ በኩል። መምህሩ አልተከራከሩም። በረንዳው ላይ ተቀምጠው ቡናቸውን ያዙና ቀስ ብለው «ጋሼ፣ ሹፌር ነበሩ አሉ። ጣርማ በር ዋሻ ውስጥ መስኮት ከፍተው ነድተው ያውቃሉ?» አሉ።

ዝም። ከዚያ «ስንት ጊዜ!» የሚል ድምፅ ከውስጥ መጣ።

«መውጫው ሲደርስ በጆሮዎ አያውቁትም ነበር?»

«እንዴት አላውቀውም!» አለ አባቴ። «ውስጥ ሳለህ ግድግዳው የሞተሩን ድምፅ መልሶ ይሰጥሃል። ወደ ደብረ ሲና ስትወጣ ግን ገደሉ ይውጠዋል።»

«እንግዲያውስ ትምህርቱን ያውቁታል፤ የቀረን ልምምድ ነው» አሉ መምህሩ። አባቴ በሩን ከፍቶ ወጣ። እኔ ወጥ ቤት ገብቼ አለቀስኩ።

በዚያው ቀን ከእናቴ ትሪ ተዋሱ። አባቴን ዶሮ እንደሚያባርር ሰው «እሽሽሽ» እያሰኙ ትሪውን ወደ ፊቱ ያቀርቡታል፣ ያርቁታል። ትሪው ሲቀርብ ድምፁ ይለወጣል። እንዴት እንደሆነ ብትጠይቁኝ አላውቅም፤ እኔም ዓይኔን ጨፍኜ ሞከርኩ፣ የሰማሁት የራሴን ምራቅ ነው። አባቴ ግን በሦስተኛው ሳምንት ትሪው በየት በኩል እንዳለ ሳይነካው ይናገር ጀመር። ዳንኤል ኪሽ የሚባል፣ በሕፃንነቱ ሁለት ዓይኖቹን ያጣ አሜሪካዊ የምላሱን ድምፅ እየተከተለ ብስክሌት እንደሚነዳ መምህሩ ሲነግሩት «እርሱ ብስክሌት ከነዳማ እኔ ኤንትሬ የጭነት መኪናዬን ልመልስ» ብሎ ሳቀ። አባቴ ሳቀ!

ከዚያ ደግሞ የጥላ ትምህርት መጣ። ደብረ ብርሃን የምትኖሩ ታውቁታላችሁ፤ በጥላና በፀሐይ መካከል የአንድ ጋቢ ልዩነት አለ። ጠዋት ወደ ዳቦ ቤቱ ሲሄድ የግንቡ ጥላ ቀኝ ጉንጩን ያቀዘቅዘዋል፤ ቅያስ ሲደርስ ፀሐይ ትነካዋለች። አንድ ፀሐይ፣ ሁለት ፀሐይ፣ ሦስተኛዋ ፀሐይ ዳቦ ቤቱ ናት። አንድ ቀን በዚሁ ሒሳብ ከሰዓት በኋላ ወጣና ጥላው ዞሮበት የጎረቤት በር አንኳኳ። እነርሱም ቡና አፍልተው መለሱት።

ደግሞ ዋናው ነገር፣ መምህሩ የማይሆነውን ይሆናል አይሉም። «ማሚቶ ግድግዳን ይነግርዎታል እንጂ ጉድጓድን አይነግርዎትም፤ ለጉድጓድ በትር ነው» ብለው ያንን ከበር ጀርባ የቆመ በትር አስወጡት። ደመና ከሆነ የጥላ ትምህርት የለም። ዝናብ ቆርቆሮውን ሲመታ የማሚቶውም የለም፤ ያን ቀን ሒሳብ አይቀበሉም። የመጀመሪያውን ቀን ክፍያም አልወሰዱም። «ዛሬ የተማርኩት እኔ ነኝ» አሉ።

አባቴ አሁን የት እንደሚሄድ ሲጠየቅ «የጥላና የማሚቶ አካዳሚ» ይላል። አካዳሚው በረንዳችን ነው፤ ንብረቱ አንድ ትሪ፣ ሁለት ዱካ። የሰፈሩ ልጆች እውነት መስሏቸው እንመዝገብ ብለው መጥተው ነበር።

መምህር፣ እግዚአብሔር ይስጥልን፤ ዕድሜ ከጤና ጋር ይስጥዎ። ይህን ሰው ያነብልዎታል ብዬ ነው። ዓይኑን አጥቶ ቤት የተቀመጠ አባት፣ እናት ወይም ልጅ ያላችሁ ደግሞ እባካችሁ አትዘግዩ፤ እኛ አሥራ አንድ ወር አባክነናል። ስልካቸውን እዚህ አልለጥፍም፤ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ አስፈቅጄ እሰጣችኋለሁ። ስትደውሉ ግን ዝናብ በሌለበት ሰዓት ይሁን፤ ቆርቆሮው ሲጮህ ስልክም አይሰሙም።