ከገደሉ ሥር ወይስ ከገደሉ በላይ፦ ላውተርብሩነንና ቬንገን

በስዊዘርላንድ በርን ካንቶን የሚገኘው የላውተርብሩነን ሸለቆ በጥንታዊ የበረዶ ግግር ተፍቆ የተቀረጸ በመሆኑ ወለሉ ሜዳ፣ ግራና ቀኙ ግን ቀጥ ያለ የኖራ ድንጋይ ገደል ነው፤ በአንድ ማዘጋጃ ቤት ሥር የሚተዳደሩት መንደሮቹም ከገደሉ ግርጌና ከገደሉ በላይ ባለው እርከን ላይ ተከፋፍለው ሰፍረዋል።

800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ያለው ላውተርብሩነን መኪናም ባቡርም ይደርሰዋል። ከአጠገቡ 300 ሜትር ያህል ቁልቁል የሚወረወረው የሽታውብባኽ ፏፏቴ ነፋስ ሲመታው ግማሽ መንገድ ላይ ተበትኖ እንደ ጉም ይንሳፈፋል። በብርዱ ወራት ግን ገደሉ ፀሐይን ስለሚጋርድ የመንደሩ ቀን ያጥራል።

1,274 ሜትር ላይ የተቀመጠው ቬንገን ፀሐይ አይነፈገውም፤ የዩንግፍራውም ተራራ ፊት ለፊት ይታየዋል። ይሁንና ከውጭ በመኪና አይገባበትም፤ ሰውም ጓዝም የሚወጣው በዋናነት እ.ኤ.አ. በ1893 ሥራ በጀመረው፣ ጥርስ ባለው ሐዲድ ላይ በሚሄደው ባቡር ነው። እንግዳ የሚያደንቀው ጸጥታ (በእርግጥም ያስደንቃል) የቤት ዕቃ ለሚያጓጉዝ ነዋሪ ተጨማሪ ድካም ስለሆነ፣ ለጥቂት ቀን ዕረፍት ቬንገንን፣ ዓመቱን ሙሉ ለመኖር ግን ላውተርብሩነንን እመርጣለሁ።