በሴክሽን ኤይት የተከራየሁት ቤት፦ ከአምስት ኮከብ አራት

ሴክሽን ኤይት ማለት ገቢያቸው ዝቅተኛ ለሆነ ሰዎች መንግሥት የቤት ኪራይ በከፊል የሚከፍልበት የአሜሪካ ፕሮግራም ነው። እኔ ተራዬ እስኪደርስ ስድስት ዓመት ነው የጠበቅኩት። ስመዘገብ ልጄ ዳዴ ትል ነበር፤ ተራዬ ሲደርስ ሁለተኛ ክፍል ገብታለች። የምኖረው ሜሪላንድ ነው፤ ሥራዬ ቤት ለቤት እየዞርኩ አረጋውያንን መንከባከብ። ቫውቸሩ፣ ማለትም ኪራዩን በከፊል እንደሚከፍሉልኝ የሚያረጋግጠው ወረቀት፣ እንደወጣልኝ የሚናገረውን ደብዳቤ ሳነብ እልል ብዬ ጎረቤት አስደነገጥኩ።

ለካ ቸኩያለሁ። ቤቱን ፈልጎ ማግኘት የራሴ ሥራ ነው፤ ቀኑ ደግሞ ይቆጠራል። ስደውል "ቤቱ አለ፣ ነይና እዪው" ይሉኛል። ቫውቸር እንዳለኝ ስነግራቸው "ውይ፣ አሁን ተያዘ"። አብራኝ የምትሠራ ልጅ ናት የነገረችኝ፤ እዚህ ስቴት ከ2020 ጀምሮ ኪራዩ በቫውቸር ስለሚከፈል ብቻ ተከራይ መከልከል ሕገ ወጥ ነው። ከዚያ በኋላ ስልኩን ትቼ በጽሑፍ መጠየቅ ጀመርኩ። በጽሑፍ "ተያዘ" የሚል ሰው ጠፋ!

አንዱ የአገሬ ሰው ደግሞ ሻይ ጋብዞኝ "እህቴ፣ ወረቀቱ እንዳለ ይሁን፣ በየወሩ 200 ዶላር በእጅ ትጨምሪልኛለሽ" አለኝ። ከውሉ ውጭ መክፈል ክልክል ነው፤ ከታወቀ ቫውቸሩን ሊያሳጣ ይችላል። "አይ ወንድሜ፣ ስድስት ዓመት ጠብቄ ለ200 ዶላር አላጣውም" ብዬው ወጣሁ። ሻዩን ግን ጠጥቻለሁ።

በመጨረሻ የተገኘው ባለ ሁለት መኝታ፣ ምድር ላይ ያለ አፓርትመንት ነው። ከመግባቴ በፊት ቤቱን የሚመረምር ኢንስፔክተር መጣ። ቤቱን እንዳይጥልብኝ ፈርቼ ከኋላ ከኋላው እከተላለሁ። ምድጃውን አንድ በአንድ ለኮሰ፤ ከአራቱ አንዱ አይሠራም። የመኝታ ቤቱ መስኮት አይቆለፍም። የጭስ ማስጠንቀቂያው ሲነካ ጭጭ። "አላለፈም" ብሎ ሲጽፍ ልቤ ቀጥ አለ። አከራዩ ግን በሳምንቱ ሁሉንም አሠርቶ ጠበቀው። ቤቱ ካላለፈ ቫውቸሩን የሰጠኝ የቤቶች ቢሮ ገንዘብ አይመጣማ! ድሮ የነበርኩበት ቤት የሚያፈስ ቧንቧ ለማሠራት አራት ወር ለምኛለሁ። እዚህ አፌን ሳልከፍት ተሠራልኝ። ለእኔ ከገንዘቡ እኩል የጠቀመኝ ይሄ ነው።

ኪራዩ 1,950 ዶላር ነው። የእኔ ድርሻ 640፣ ይኸውም ፕሮግራሙ የሚፈቅደው ተቀናሽ ከተቀነሰ በኋላ ከገቢዬ 30 በመቶ ያህል ነው። ቀሪውን ቢሮው በቀጥታ ለአከራዩ ይልካል። ዲፖዚቱን ከኪሴ ነው የከፈልኩት፤ የዕቁብ ተራ ለምኜ።

አንዱን ኮከብ የቀነስኩት ለወረቀቱ ነው። የደሞዝ ደረሰኝ፣ የባንክ ወረቀት፣ የልጅ ልደት ካርድ፣ ደግሞ እንደገና። ገቢ ሲቀየርም ማሳወቅ ግዴታ ነው፤ ከጨመረ ድርሻዬም ይጨምራል። የላክሁትን ሁሉ ፎቶ አንስቼ አስቀምጣለሁ፤ አንዴ "አልደረሰንም" ተብዬ ያዳነኝ እሱ ነው።

ቤቱን ለምትጠይቁኝ፦ ጸጥ ያለ ነው፣ አውቶቡስ ቅርብ ነው። ልብስ ማጠቢያው ከታች ነው፣ በሳንቲም ይሠራል። ቅዳሜ ጠዋት እንዳትሞክሩት።