አባዬ መሪ ሲይዝ አፕዴት ይቁም

አባዬ ጡረታ እስኪወጣ ድረስ ሾፌር ነበር። ዕድሜውን የጨረሰው በጅማና በአዲስ አበባ መሃል ነው። ቡና ጭኖ ይሄዳል፣ ሸቀጥ ጭኖ ይመለሳል። መንገዱ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ሰርቦን፣ አሰንዳቦን፣ ሰኮሩን አልፎ የጊቤን ቁልቁለት ይወርዳል። ከዚያ ወልቂጤ፣ ወሊሶ፣ አዲስ አበባ። መጀመሪያ የያዛት መኪና የፊያቷ ኤንትሬ ነበረች። ዛሬም የእሷ ነገር ሲነሳ ድምፁ ይለወጣል።

አሁን ጉልበቱን ስለሚያመው ረጅም መንገድ አይነዳም። ግን ማታ ማታ ከእራት በኋላ አንድ ሰዓት ያህል ይነዳል፣ እኔ ላፕቶፕ ላይ። ጌሙ ዩሮ ትራክ ሲሙሌተር 2 ይባላል። ኤስሲኤስ ሶፍትዌር የተባለው የቼክ ኩባንያ እንደ ፈረንጆቹ በ2012 ያወጣው ነው። ጠረጴዛ ላይ የምናስረው ያገለገለ የጌም መሪም አለን። አባዬ ሁልጊዜ የሚመርጠው ኢቬኮን ነው። «የፊያት ልጅ ናት» ይላል። ልክ ነው፤ ኢቬኮ በ1975 ሲመሠረት ፊያት ዋናው መሥራች ነበር።

እንግዲህ የዛሬው ግምገማዬ ስለ ጌሙ አይደለም። ጌሙን ስለሚያስነሳው ላውንቸር፣ ስለ ስቲም ነው። ከስቲምም አንድ ነገር ብቻ፦ አውቶማቲክ አፕዴት ማስቆም ይቻላል ወይ? የማያልቅ ኢንተርኔት ላለው ሰው ትንሽ ጥያቄ ነው። ዳታ በጥቅል እየገዛ ከስልክ ሆትስፖት ለሚጠቀም ቤት ግን የወር ወጪ ጥያቄ ነው።

ለምን እንዲህ እንደከነከነኝ ልንገራችሁ። በፊት ታናሽ ወንድሜ በሌላ ላውንቸር ነበር ኳስ የሚጫወተው። ስሙን አልጠራም። ክረምት ነበር። እኔ አስተማሪ ነኝ፤ የፈተና ፋይል በኢሜይል ልልክ ብዬ ሳምንታዊ ጥቅል ገዛሁና ሆትስፖት አበራሁ። ፋይሉን ላክሁ። ላፕቶፑን ሳልዘጋው እንቅልፍ ወሰደኝ። ጠዋት ስነሳ ጥቅሉ አልቋል የሚል መልእክት ስልኬ ላይ ጠበቀኝ። ላውንቸሩ ሌሊቱን ሁሉ ለሁለት ወር ያልተከፈተ ጌም ሲያወርድ ነበር ያደረው። ደግሞ አልጨረሰውም። ግማሽ ላይ ስለቆመ ጌሙም አልከፈት አለ።

አባዬ አልተቆጣም። «ይሄ ተለዋጭ ሳይኖር ጎማ ፈትቶ መተው ነው» አለ። ከዚያ ወዲህ ማንኛውንም ላውንቸር ስጭን መጀመሪያ የማየው አፕዴቱ የት እንደሚዘጋ ነው።

ወደ ስቲም ልምጣ። ሴቲንግስ ውስጥ ዳውንሎድስ የሚል ገጽ አለ። አፕዴትን የሚመለከተው አብዛኛው ነገር እዚያ ነው። አውቶማቲክ አፕዴት በየትኛው ሰዓት ብቻ እንደሚሠራ ትወስናላችሁ። የማውረጃ ፍጥነቱን ትገድባላችሁ። ጌም እየተጫወታችሁ እያለ እንዳያወርድም ማድረግ ይቻላል፤ እየተጫወታችሁ ማውረዱ እንዲያውም ሳትነኩት ዝግ ነው።

የሰዓቱ ምርጫ ለእኛ በጣም ይጠቅማል፤ የሌሊት ጥቅል ርካሽ ስለሆነ። ግን አንድ ነገር ልብ በሉ። ስቲም የሚያውቀው የፈረንጅ ሰዓት ነው። እኔ መጀመሪያ ላይ ከሌሊቱ 8 ሰዓት እስከ 12 ሰዓት ይሁን ብዬ 8 እና 12 ቁጥሮችን መረጥኩ። ያ ለስቲም ከጠዋቱ 2 ሰዓት እስከ ቀኑ 6 ሰዓት ማለት ነው። ቀን፣ ውድ በሆነው ዳታ። በሁለተኛው ቀን ነው ያየሁት። ስለዚህ የሌሊት 6 ሰዓት ስትፈልጉ 12 ኤኤም ምረጡ። የሌሊት 8 ሰዓት 2 ኤኤም ነው። የንጋት 12 ሰዓት 6 ኤኤም ነው። ወረቀት ላይ ጽፌ ላፕቶፑ ክዳን ላይ ለጥፌዋለሁ።

ሁለተኛው መንገድ በየጌሙ ነው። ላይብረሪ ውስጥ የጌሙን ስም በማውዙ ቀኝ ቁልፍ ትጫናላችሁ፣ ፕሮፐርቲስ ትላላችሁ፣ ከዚያ አፕዴትስ። ስቲም ራሱ ይወስን የሚለውን ትታችሁ፣ ጌሙን ስከፍት ብቻ አፕዴት ይሁን የሚለውን ትመርጣላችሁ። የረዳን ይሄ ነው። ወንድሜ ከጫናቸው ጌሞች መካከል በዓመት አንዴ የሚከፈቱ አሉ። ሁሉንም አንድ በአንድ እንዲህ አደረግኋቸው። በአዲሱ የስቲም እትም ደግሞ ይህንኑ ምርጫ ዳውንሎድስ ገጽ ላይ አንዴ ለሁሉም ጌም ማድረግ ይቻላል። ብዙ ጌም ላለው ሰው ትልቅ እፎይታ ነው።

ቅሬታዬ እዚህ ላይ ነው። «ስከፍት ብቻ» የሚለው ምርጫ አፕዴቱን ያዘገየዋል እንጂ አያስቀረውም። አዲስ አፕዴት ከወጣ በኋላ ጌሙን ልትከፍቱ ስትሉ «ተጫወት» የሚለው ቁልፍ «አፕዴት» ወደሚል ይለወጣል። «የለም፣ ባለኝ እትም ልጫወት» የሚል ሦስተኛ ቁልፍ የለም። በይነመረብ ላይ ከሌላ ሰው ጋር ለሚጫወቱት ጌም ይሄ ይገባኛል፤ ሁሉም ሰው አንድ ዓይነት እትም መያዝ አለበት። ብቻውን በሌሊት ከሚላኖ ወደ ሊዮን ሲሚንቶ ለሚጭን ሽማግሌ ግን ለምን ግዴታ እንደሚሆን አይገባኝም። ገንዘብ የተከፈለበት ጌም ነው። የገዛነውን እትም ይዘን የመቆየት መብት ሊኖረን ይገባል። ይህን ከልቤ ነው የምለው።

ማለፊያው ኦፍላይን ሞድ ነው፤ ስቲምን ያለ ኢንተርኔት መጠቀም ማለት ነው። ከስቲም ሜኑ ላይ ጎ ኦፍላይን የሚለውን መጫን ነው። ዋናው ነገር ቅደም ተከተሉ ነው። ስቲም አዲስ አፕዴት መኖሩን አንዴ ካወቀ ኦፍላይን ሆናችሁም አፕዴት አድርግ ብሎ ሊይዛችሁ ይችላል። ስለዚህ ጌሙ ሙሉ ሆኖ፣ ምንም የሚጠብቅ አፕዴት ሳይኖር ነው ኦፍላይን መግባት ያለባችሁ። እኛ ቤት ያለው ልማድ እንዲህ ነው፦ ማታ አባዬ ሊነዳ ሲል ሆትስፖት አይበራም። ስልኬ ሌላ ክፍል ይቀመጣል። ላፕቶፑ ኢንተርኔት ሳያይ ይነሳል፣ ስቲምም ኦፍላይን ይከፈታል።

ዩሮ ትራክ ላይ ደግሞ ከኦፍላይን የተሻለ መፍትሔ አለ። ኤስሲኤስን የማመሰግነው በዚህ ነው። ፕሮፐርቲስ ውስጥ ቤታስ የሚል ክፍል አለ። እዚያ ውስጥ የድሮ እትሞች ተዘርዝረዋል። አዲሱ እትም ሳይወርድ በፊት እናንተ ያላችሁበትን ከመረጣችሁ እዚያው ትቆያላችሁ። ይሄ ሞድ፣ ማለትም ሌሎች ሰዎች ሠርተው ጌሙ ላይ የሚጨመር ነገር፣ ለሚጠቀም ሰው ወሳኝ ነው። አባዬ የድሮ ጣሊያን መኪና የምትመስል ሞድ አለችው። ሞድ ከጌሙ እትም ጋር መስማማት አለበት። ጌሙ ትልቅ አፕዴት ሲያደርግ፣ ሞዱን የሠራው ሰው እስኪያድሰው ድረስ ላይሠራ ይችላል። ጌሙ ራሱም የሞድ ዝርዝሩ ላይ የማይስማማውን ምልክት አድርጎ ያሳያል። እኔ ሞዱ መታደሱን ሳላረጋግጥ እትም አልቀይርም። ስትቀይሩ ደግሞ ዶክመንትስ ውስጥ ያለውን የጌሙን ፎልደር ኮፒ አድርጋችሁ አስቀምጡ። የአባዬ የሦስት ዓመት ጉዞ እዚያ ውስጥ ነው ያለው።

አንድ ሌላ ጥያቄም ይመጣል። አፕዴቱ ትንሽ ነው ይላል፣ ላፕቶፑ ግን ለምን አንድ ሰዓት ይፈጃል? ስቲም የጌሙን ፋይሎች አንድ ሜጋባይት ገደማ ወደሆኑ ቁርጥራጮች ይከፋፍላቸዋል። የተቀየሩትን ቁርጥራጮች ብቻ ያወርዳል። ይሄ ለዳታችን ጥሩ ነው። ነገር ግን ብዙ ጌሞች ዕቃቸውን በጥቂት ግዙፍ ፋይሎች ነው የሚያሽጉት። ከግዙፉ ፋይል ትንሽ ቦታ ከተቀየረ ስቲም ፋይሉን በሙሉ ዲስክ ላይ እንደገና ይጽፈዋል። አንድ ኩንታል ቡና ለመቀየር ሙሉውን ጭነት አውርዶ መልሶ እንደ መጫን ነው። አሮጌ ሃርድ ዲስክ ላይ ይሄ በጣም ያደክማል። ባዶ ቦታም ይፈልጋል። ዲስካችሁ ሞልቶ ከሆነ አፕዴቱ ትንሽ ቢሆንም እምቢ ይላል። መብራት ሲጠፋ ግን አይዟችሁ፤ ማውረዱ ከቆመበት ይቀጥላል። ጅማ ውስጥ ሆኜ ይህን ብዙ ጊዜ ፈትኜዋለሁ።

አሁን ወደምወደው ነገር ልለፍ። በ2023 ስቲም አንድ አዲስ አሠራር አመጣ። ሁለት ኮምፒዩተሮች በአንድ ራውተር ላይ ካሉ፣ አንዱ ጋር ያለውን ጌም ወይም አፕዴት ሌላው ከእሱ ይወስዳል። ፋይሉ ከኢንተርኔት አይመጣም፣ ከጎረቤት ላፕቶፕ ነው የሚመጣው። ሁለቱም ስቲም ላይ ገብተው መሆን አለባቸው። ትንሽ ኢንተርኔት ለመነሻው ያስፈልጋል። ሰጪው ጋር ያለው እትምም አዲሱ መሆን አለበት። ዳውንሎድስ ገጽ ላይ ለራሴ ብቻ፣ ለጓደኞቼ፣ ወይም ለማንኛውም ሰው ብላችሁ ትመርጣላችሁ።

የጎረቤታችን ልጅ ቂጦ ፉርዲሳ ካምፓስ፣ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ይማራል። እሱም ዩሮ ትራክ አለው። ላፕቶፑን ይዞ ቅዳሜ ከሰዓት ይመጣል። እናቴ ቡና ታፈላለች። ሁለቱን ላፕቶፖች ከአንድ ራውተር ጋር እናገናኛቸዋለን። ሦስተኛው ሲኒ ሳይደርስ አፕዴቱ ያልቃል። ልጁ አባዬን «ጋሼ፣ ዛሬ ወዴት ነው?» ይለዋል። አባዬ የጫነውን ይነግረዋል። አፕዴት በእኛ ቤት እንዲህ ሆኖ ሲመጣ ማንም አይጠላውም። የምንጠላው ሳይጠራ ሌሊት ሲገባ ነው።

ራውተር ለሌለው ሰው ባክአፕም አለ። ፕሮፐርቲስ ውስጥ የተጫኑ ፋይሎች የሚለው ክፍል ገብታችሁ ጌሙን ወደ ውጭ ሃርድ ዲስክ መገልበጥ ትችላላችሁ። ፎርማት ካስደረጋችሁ በኋላ ሁሉንም እንደገና ከማውረድ ያድናል።

ስለ ሌሎቹ ላውንቸሮች ባጭሩ። ኤፒክ ላይ ሴቲንግስ ገብቶ አውቶ አፕዴት ፍቀድ የሚለውን አንድ ምልክት ማንሳት ይበቃል። በየጌሙም ለብቻ መዝጋት ይቻላል። በዚህ በኩል ከስቲም ይቀላል። ጎግ ጋላክሲ ደግሞ ከሁሉም ነፃነት የሚሰጥ ነው። አውቶማቲኩን ይዘጋል፣ ወደ ድሮ እትም ይመልሳል። የጌሙን መጫኛ ፋይል እንዳለ አውርዳችሁ ፍላሽ ላይ ማስቀመጥም ትችላላችሁ። ጌማችሁ እዚያ ካለ እዚያ ግዙት። የአባዬ ጌም ግን ስቲም ላይ የተገዛ ስለሆነ እኛ የምንኖረው ስቲም ላይ ነው።

ስቲም ላይ ሁለት ነገር ደግሞ ይጎድላል። ስቲም ራሱ፣ ማለትም ፕሮግራሙ፣ አፕዴት ሲያደርግ ማስቆሚያ ሜኑ የለውም። ከወርክሾፕ፣ ማለትም ከስቲም የራሱ የሞድ ማከፋፈያ፣ የምትወስዱት ሞድም በራሱ ይታደሳል። ስለዚህ የአባዬን ሞድ ከወርክሾፕ ሳይሆን ፋይሉን ወስጄ ሞድ ፎልደር ውስጥ ነው ያስቀመጥኩት።

ዊንዶውስንም አትርሱ። ብዙ ሰው ስቲምን ይወቅሳል፣ ዳታውን የበላው ግን ዊንዶውስ ሆኖ ይገኛል። የዋይፋያችሁ ፕሮፐርቲስ ውስጥ ሚተርድ የሚለውን አብሩ። ዊንዶውስ ኢንተርኔቱ በመጠን የሚከፈልበት መሆኑን ያውቅና ከአብዛኛው አፕዴቱ ይታቀባል።

ነጥብ ልስጥ። በሰዓት መገደቡ፣ በየጌሙ መምረጡ፣ ከጎረቤት መውሰዱ በጣም ጥሩ ናቸው። ባለኝ እትም ልጫወት የሚል ቁልፍ አለመኖሩ ትልቅ ጉድለት ነው። ከአምስት ሦስት ተኩል። ያቺን አንድ ቁልፍ ከጨመሩበት ያለ ማመንታት አራት ተኩል እሰጠዋለሁ።

ይህን የምጽፈው ማታ ነው። ሆትስፖቱ ጠፍቷል። አባዬ ከኋላዬ መሪውን እያሰረ ነው። ዛሬ ዝናብ ስላለ ቀስ ብሎ እንደሚሄድ ነግሮኛል። እኔ ይህን ጽሑፍ የምልከው እሱ ዕቃውን ካራገፈ በኋላ ነው።