ለጋራዥ ሮክ ቀረጻ፦ ባለ አራት ትራክ ካሴት ወይስ ኮምፒውተር?

ታስካም የተባለው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1979 ፖርታስቱዲዮን፣ ማለትም በአንድ ካሴት ላይ አራት ድምፅ ለየብቻ (በአራት ትራክ) የሚቀርጽ መሣሪያ፣ ካወጣ ወዲህ፣ ስቱዲዮ መከራየት የማይችሉ ስንት ባንዶች በካሴት ቀርጸዋል! ቴፕ ጠንከር ያለ ድምፅ ሲገባበት ከበሮው ይወፍራል፣ ጊታሩ ይሻክራል፤ ለጋራዥ ሮክ፣ ለዚህ ሻካራና ያልተሞረደ የሮክ ሙዚቃ፣ ደግሞ ያ ውበት ነው።

የካሴት ችግሩ ቦታ ነው። ሦስት ትራክ ሞልታችሁ ወደ አራተኛው ትቀላቅላላችሁ፤ ከዚያ ሦስቱን አጥፍታችሁ ዘፈኑንና ሶሎውን ትጨምራላችሁ። አንዴ ከተቀላቀለ ቤዙን ለብቻው መቀነስ አይቻልም። በእያንዳንዱ ቅጂ ቀጭኑ ድምፅ ይደበዝዛል፣ የቴፑ ሽሽታም ይጨምራል፤ ስለዚህ ሲምባሉን ከምትፈልጉት ትንሽ አድምቃችሁ ቀላቅሉ። ባለ 60 ደቂቃ ክሮም ካሴት ይሻላል፤ የ120ው ቴፕ ስስ ስለሆነ ይለጠጣል። አራቱም ትራክ በአንድ አቅጣጫ ስለሚሄድና ካሴቱን ገልብጦ መቅረጽ ስለማይቻል ግን የምታገኙት 30 ደቂቃ ነው፤ መሣሪያው በእጥፍ ፍጥነት የሚዞር ከሆነ 15 ብቻ። ድምፁ ከታፈነ መጀመሪያ ሄዱን (ቴፑ የሚነካውን፣ ድምፁን የሚቀርጸውንና የሚያነበውን ክፍል) በአልኮልና በጥጥ ጥረጉ።

በኮምፒውተርና በኦዲዮ ኢንተርፌስ (ማይክሮፎንና ጊታር ከኮምፒውተር ጋር በሚያገናኝ መሣሪያ) ትራክ አያልቅም። በ24 ቢት የድምፅ ጥራት ቅረጹ፤ ከፍተኛው ድምፅ ከ-10 ዲሲቤል አይለፍ፣ ዲጂታል ሲሞላ ይሰነጠቃልና። በጆሮ ማዳመጫው የምትሰሙት ከዘገየ በቀረጻ ፕሮግራሙ ውስጥ በፈሩን (ኮምፒውተሩ ድምፁን ከማውጣቱ በፊት የሚያጠራቅመውን መጠን) ወደ 128 ሳምፕል አውርዱ።

ባንዱ አንድ ላይ በደንብ ከተለማመደ ሙዚቃውን በካሴት፣ ዘፈኑን በኮምፒውተር መቅረጽ ከሁሉም ይበልጣል። ከካሴቱ ወደ ኮምፒውተሩ ስታዛውሩ አራቱንም ትራክ ባለ አራት ግቤት ኢንተርፌስ በአንዴ አስገቡ፤ የካሴት ፍጥነት ስለሚዋዥቅ ሁለት ሁለት እያደረጋችሁ ካስገባችሁ ከበሮውና ጊታሩ ይለያያሉ።