ሩዲንና ስፒቫክ፦ ከወራት ንባብ በኋላ

ይህን የምጽፈው ካልኩለስን በቀመር ማስላት ለሰለቸውና «ይሄ ግን ለምን ትክክል ሆነ?» ማለት ለጀመረ ሰው ነው። ከክረምቱ መግቢያ ጀምሮ እዚህ ደብረ ማርቆስ ሁለት መጻሕፍት ማታ ማታ እያነበብኩ ነው። አንዱ የዋልተር ሩዲን «ፕሪንሲፕልስ ኦፍ ማቲማቲካል አናሊሲስ» 3ኛ እትም (እ.ኤ.አ. 1976) ነው። ሌላው የማይክል ስፒቫክ «ካልኩለስ ኦን ማኒፎልድስ» (1965)። ሁለቱንም ከውጭ የመጣ ዘመድ ነው ያመጣልኝ።

ሩዲን ከባድ ነው። ስዕል የለውም ማለት ይቻላል። ፕሩፉ (የአንድ ሐሳብ እውነትነት ማረጋገጫው) አጭር ስለሆነ አንዲት መስመር ማታውን ሙሉ ልታስቀምጣችሁ ትችላለች። ለጎጃም ሰው ይሄ እንግዳ አይደለም፤ ቅኔ ቤትም መምህሩ መንገዱን ያሳያል እንጂ የሚቆጥረው ተማሪው ራሱ ነው። ዋናው ትምህርት ያለው መልመጃዎቹ ውስጥ ነው። ከኋላ መልስ አትፈልጉ፣ የለም።

ለእኔ ዋጋውን የመለሰው 9ኛው ምዕራፍ ነው። ዴሪቫቲቭ ቁጥር መሆኑ ቀርቶ ሊኒየር ትራንስፎርሜሽን (በማትሪክስ የሚጻፍ ፈንክሽን) ይሆናል። እዚያ ያለችው 6ኛዋ ጥያቄ ደግሞ ግሩም ናት። የኤክስና የዋይን ብዜት ለስኩዌሮቻቸው ድምር አካፍሉ፤ መነሻው ነጥብ ላይ ዜሮ በሉት። በሁለቱም አክሲስ ላይ ፈንክሽኑ ዜሮ ስለሆነ ፓርሻል ዴሪቫቲቮቹ (ኤክስን ብቻ ወይም ዋይን ብቻ እያንቀሳቀሱ የሚወሰዱት) አሉ። ኤክስና ዋይ እኩል በሆኑበት መስመር ከመጣችሁ ግን ግማሽ ይሰጣችኋል። ስለዚህ መነሻው ላይ ኮንቲኒዩየስ (ሳይዘል የሚቀጥል) እንኳ አይደለም! ክፍል ውስጥ ሰሌዳ ላይ ስጽፋት ሁሌ ክርክር ታስነሳለች።

10ኛው ምዕራፍ ላይ ግን ከሩዲን ጋር አልተስማማንም። ዲፈረንሺያል ፎርምን (በመስመር ወይም በገጽ ላይ ኢንተግራል የሚወሰድለትን ነገር) ከየት እንደመጣ ሳያሳይ ከነምልክቱ ያስረክባችኋል። ስፒቫክ የሚበልጠው እዚህ ጋ ነው። ከቴንሰር (ቬክተሮችን ተቀብሎ ቁጥር ከሚሰጥ፣ በእያንዳንዱ ቬክተር ሊኒየር ከሆነ ፈንክሽን) ተነስቶ ደረጃ በደረጃ ይገነባዋል። ስቶክስ ቲዎረም (የአንድን ቅርጽ ኢንተግራል ከጠርዙ ኢንተግራል ጋር የሚያገናኘው) ላይ ስትደርሱ ፕሩፉ አጭር ነው፤ ልፋቱ ቀድሞ ትርጓሜዎቹ ላይ አልቋል። ሽፋኑ ላይ ያለው ጽሑፍ ደግሞ ፊዚሲስቱ ኬልቪን እ.ኤ.አ. በ1850 ለሒሳብ ሊቁ ስቶክስ ከላከው፣ ቲዎረሙ መጀመሪያ ከተጻፈበት ደብዳቤ የተወሰደ ነው። እኔ ይሄን ያወቅሁት መጽሐፉን ከጨረስኩ በኋላ ነው።

ስፒቫክም ጣጣ አለው። ከ150 ገጽ ያነሰ ስለሆነ ቀላል ይመስላል፤ አይደለም። ብዙ ቁም ነገር ወደ መልመጃ ገፍቷል። ሊኒየር አልጀብራችሁ ካልጠነከረ 1ኛው ምዕራፍ ላይ ነው የምትቀሩት።

ስለ ዕቃው፦ የእኔ ሩዲን ለስላሳ ሽፋን ነው። ማጣበቂያው ለቀቀና 9ኛው ምዕራፍ ላይ ቅጠሉ መውለቅ ጀመረ። ጠራዥ በክር ሰፍቶልኝ አሁን ከአዲሱ ይሻላል። ስፒቫክ ቀጭን ስለሆነ ምንም አልሆነም።

ገንዘባችሁ ለአንድ ብቻ ከበቃ ሩዲንን ግዙ፤ 10ኛውን ምዕራፍ ዝለሉትና ስፒቫክን ከሰው ተዋሱ።